ከባሕር የሚታየው መቃብር

ኦክቶበር 31 ቀን 1957፣ ከቀኑ አስራ አንድ ሰዓት ከሃያ ላይ የወንድሜን ሸራ አየሁ። ሰዓቱን እርግጠኛ ሆኜ የምናገረው የአባቴ የኪስ ሰዓት አንገቴ ላይ ስለነበረ ነው። መቃብር ላርም ነው ብዬው ስወጣ፣ ሳይጨልም እንድወርድ ብሎ ራሱ አንጠለጠለልኝ። እጄ ግን አረም አልነካም። እስከ ክርኔ ድረስ ሰማያዊ ቀለም በቀለም ሆኜ ነበር። የእናታችንን መቃብር ቀብቼ መጨረሴ ነበር።

ጀልባዋን ከሩቅ ለየኋት። «ጸጋ» ትባላለች፤ ባለ አንድ ምሰሶ ናት፣ ሸራዋ ጥጉ ላይ በቀይ ጨርቅ ተጥፏል። ላይዋ ላይ የነበሩት ሁለት ሰዎች ብቻ ናቸው፤ ወንድሜ ሲልቫንና መሪውን የሚይዝለት ኤግበርት ባፕቲስት። ከትሪኒዳድ ዱቄትና ሲሚንቶ ጭነው ነው የሚመጡት። በማግስቱ የቅዱሳን ሁሉ በዓል ነው፤ ሁላችንም በየመቃብራችን ላይ ሻማ የምናበራበት። ሲልቫን ያን ቀን ቀርቶ አያውቅም። ከኋላው ዝናብ ያረገዘ ደመና ይከተለዋል። ፀሐይዋ በእኔ ጀርባ፣ ከኮረብታው ወዲያ እየወረደች ነው።

ተነስቼ እጄን አውለበለብኩለት። ከዚያ ርቀት እንደማያየኝ አውቃለሁ።

ትዋ ሮሽ ከግሬናዳ በስተሰሜን ባለች ትንሽ ደሴት ላይ ያለ፣ ፊቱን በኮራል አለት የታጠረ መንደር ነው። አለቱ ጀልባ የሚያስገባ ሁለት በር አለው። ትልቁ በር በደቡብ በኩል፣ የመንደሩ ስም የመጣባቸው ሦስት ድንጋዮች ጋ ነው፤ በዚያ ለመግባት ከነፋሱ ጋር እየታገሉ ሁለት ሰዓት መዞር ያስፈልጋል። ትንሹ በር ከጸሎት ቤቱ ፊት ለፊት ነው፤ ሁለት ጀልባ ጎን ለጎን አያሳልፍም። በትንሹ በር የሚገቡት የእኛ ቤት ሰዎች ብቻ ነበሩ። አባቴ ካፒቴን ቴዎፊል ኩድጆ፣ ከእሱ በፊት አባቱ፣ ከእሱ በኋላ ሲልቫን።

«ጸጋ» አፍንጫዋን ወደ ትንሹ በር አዞረች። ከላይ ሆኜ ሳያት ከወትሮው ትንሽ ወደ ሰሜን ያለፈች መሰለኝ። ነፋሱ ይሆናል አልኩ። ከዚያ ቀጥ አለች። መንገድ ላይ የረሳው ነገር ትዝ ያለው ሰው እንደሚቆመው ቆመች። ምሰሶዋ ወደ መንደሩ ዘመመ፤ ጥቂት ቆይቶ ሸራው ውኃው ላይ ተኛ።

ብሩሹን እንደያዝኩ ቁልቁል ሮጥኩ።

ኤግበርትን በቀዛፊ ጀልባ ደርሰው አወጡት። የዱቄት ጆንያ ታቅፎ ነበር ያገኙት። ሲልቫንን ያገኘነው በሦስተኛው ቀን ነው፤ ባሕሩ በሰሜን በኩል ካለው አሸዋ ላይ አስቀምጦት ሄዷል። የሸራው አግዳሚ እንጨት ጭንቅላቱን መትቶታል አሉ። ዕድሜው ሠላሳ አንድ ነበር።

የዚያን ዕለት ጠዋት የሆነውን ብዙ ጊዜ እመላለስበታለሁ። አባቴ በረንዳው ላይ ተቀምጦ፣ ያበጠ ጉልበቱን ሌላ ወንበር ላይ ዘርግቶ መረብ ይጠግን ነበር። እናታችን ከሞተች ሦስት ዓመቷ ነው። መቃብሯን በየዓመቱ ኖራ የሚቀባላት እሱ ራሱ ነው፤ ማንንም አያስጠጋም። ሴቶቹ «ቴዎፊል በሕይወት ሳለች አንድ ቀን ሳህን አላጠበላትም፣ ሞታ ነው የሚያስውባት» እያሉ ይስቁበት ነበር። እኔ ግን ፍቅሩ ዘግይቶ የመጣ ይመስለኝ ነበርና ደስ ይለኝ ነበር።

«አባባ፣ ዘንድሮ የእማማን መቃብር እኔ ልቀባልህ።»

«ተይው። ጉልበቴ ሲለቀኝ እኔው እወጣለሁ።»

«ጉልበትህ እስኪለቅህ ፋሲካ ይደርሳል።»

«እንግዲያው ፋሲካ ላይ ይቀባላ። የአምናው ኖራ መች ለቀቀ? ነጭ ነው።»

«ሰው ሁሉ ሲቀባ የእኛ ብቻ ያሳፍራል።»

«ኡርሲ፣ ተይው አልኩሽ።»

ለምን እንደሆነ ቢነግረኝ እተወው ነበር። አልነገረኝም። እኔም እቀባለሁ አልቀባም አላልኩትም፤ ላርም ነው የምወጣው ብዬው ተነሳሁ። ጉልበቱ ሲለቀው ወጥቶ አይቶ ይደሰታል ብዬ ነው።

ኖራ ፍለጋ ታንቲ ኦዴት ቤት ሄድኩ። የአባቴ እህት ናት፤ የባሕር ቀንድ አውጣ ቅርፊት እየከመረች አቃጥላ ኖራ የምታወጣው እሷ ነበረች። ከሁለት ዓመት በፊት ጃኔት የተባለው አውሎ ነፋስ የጸሎት ቤቱን ግድግዳ ጥሎት ስለነበር የዓመቱ ኖራ በሙሉ እዚያ ገብቷል። «እፍኝ እንኳ የለኝም» አለችኝ። «ቄሱ ጠርገው ወሰዱት። ሙታኑ ዘንድሮ ይታገሡን።»

ቤታችን ሥር፣ በምሰሶዎቹ መሃል፣ ሲልቫን «ጸጋ»ን ቀብቶ ያስተረፈው ሰማያዊ ቀለም በጣሳ ተቀምጦ ነበር። የዘይት ቀለም ነው። ኖራ በዝናብ ይታጠባል፤ ይኼ ግን አምስት ዓመት ይቆያል ብዬ አሰብኩ። እንዲያውም በጣም ብልህ የሆንኩ መስሎኝ ነበር። አሮጌውን ኖራ በኮኮናት ልጥ ፈግፍጌ አራገፍኩ፣ ሁለት ጊዜ ደራርቤ ቀባሁት። ከኮረብታው በደቡብ በኩል፣ ሠላሳ እርምጃ ያህል ዝቅ ብሎ፣ የሚስ ፍሎረስቲን መቃብር ነበር። ልጆቿ ከሂልስቦሮ ከተማ ቀደም ብለው መጥተው በኖራ አንጥተውት ሄደዋል። የቀረው ሰው በበዓሉ ጠዋት ነው የሚቀባው። ስለዚህ በዚያ ከሰዓት በኋላ ኮረብታው ላይ ነጭ የነበረው እሱ አንዱ ብቻ ነበር።

ሲልቫንን ከእናታችን ጎን ቀበርነው። አባቴ ዱላ ይዞ፣ በየሃያ እርምጃው እየቆመ ወጣ። የድሮው መቃብር ባሕሩ ዳር ነበር። አያቴ ልጅ ሳለች ማዕበል ግማሹን ስለወሰደው ሙታናችንን ወደ ኮረብታው አዛወርን። የጥጥ እርሻው ባለቤቶች ፈረንሳዮቹም እንግሊዞቹም ታች አሸዋው ሥር ቀርተዋል፤ ባሮቻቸው የነበሩት አያቶቻችን ደግሞ ላይ። አባቴ ብዙ ጊዜ በዚህ ነገር ይቀልድ ነበር። የዚያን ዕለት ግን ኮረብታው ጫፍ ደርሶ ሰማያዊውን መቃብር ሲያይ ቆመ። ሬሳው እየጠበቀው ነው፣ እሱ ቆሟል።

«ይኼን ማን ቀባው?»

«እኔ ነኝ አባባ። ኖራ ስላጣሁ ነው።»

«መቼ?»

«ሐሙስ ዕለት።»

«ሐሙስ ስንት ሰዓት?»

«ከሰዓት በኋላ። ስጨርስ ነው ሸራውን ያየሁት።»

ባርኔጣውን አውልቆ እንደገና አደረገው። በማግስቱ ጠዋት ከቄሱ ላይ ኖራ ለምኖ፣ በዚያ እግሩ ብቻውን ወጥቶ ሰማያዊውን በነጭ ሸፈነው። ቀለሙ አስቀይሞት ነው ብዬ አለቀስኩ።

ሲልቫን በሞተ በዘጠነኛው ቀን ለጸሎት ስንሰበሰብ ኤግበርትም መጣ። ሸሚዙን እስከ አንገቱ ቆልፎ በሩ አጠገብ ተቀመጠ። የሲልቫን ሚስት ሚርትል ጸሎቱ እስኪያልቅ ታገሠች።

«ስንት ጠጥተህ ነበር?» አለችው።

«አልጠጣሁም፣ ሚርትል።»

«ኤግበርት አልጠጣሁም ካለ፣ ዓሣም ውኃ አላውቅም ይበል» አለ ከኋላ አንዱ። ሰዎች ሳቁ። እውነቱን ለመናገር ኤግበርት ይጠጣል። ባሕር ላይ ግን ጠጥቶ አያውቅም ነበር፤ ይህን ደግሞ የሚያውቀው ሲልቫን ነው።

«ያለኝን ነው ያደረግኩት» አለ ኤግበርት። «ከፊት ቆሞ ወደ ቀኝ አለኝ። ወደ ቀኝ ያዝኩ።»

«ሲልቫን በዚያ በር ከአስራ ሁለት ዓመቱ ጀምሮ ነው የሚገባው። ዓይኑን ጨፍኖ ይገባል። እና እሱ ነው የተሳሳተው?»

«ማን እንደተሳሳተ አላውቅም። ወደ ቀኝ አለኝ።»

ከዚያ ወደ አባቴ ዞር ብሎ አየው። አንድ ነገር እንዲልለት የሚጠብቅ ሰው አስተያየት ነበር። አባቴ ጉልበቱን እያሸ ወለሉን ያያል።

ከዚያ ቀን በኋላ ኤግበርትን ጀልባው ላይ የሚያወጣ ካፒቴን ጠፋ። እኛ ዘንድ ጀልባ ላይ የማይወጣ ወንድ ምን እንደሚሠራ የሚያውቅ የለም። የሰው መረብ ይጠግናል፣ ከሰል ያከስላል፣ ጉድጓድ ይቆፍራል። ሲያልፍ «ወደ ቀኝ» ይሉታል፤ ስሙ ሆኖ ቀረ። «ወደ ቀኝ፣ ከሰል ይዘሃል?» «ወደ ቀኝ፣ ነገ ጉድጓዱን ና ጨርስልን።» እሱም አቤት ይላል።

አሁን ስለ ምልክት መናገር አለብኝ። ባሕር ላይ ያለ ሰው መንገዱን የሚያውቀው መሬት ላይ ያሉ ሁለት ነገሮችን በማስተካከል ነው። ይህ ዛፍ ከዚያ ጣሪያ ጫፍ ጋር ሲገጥም ዓሣ አለ፤ ያ ድንጋይ ከዚህ ጉብታ ጋር ሲገጥም አለት አለ። እያንዳንዱ ቤት የራሱ ምልክት አለው። አባት ለወንድ ልጁ ያሳየዋል፣ ያውም ሌላ ጀልባ በማይታይበት ቀን። ለሴት አይነገርም። ሴት ታገባለች፤ ምልክቱን ይዛ ወደ ሌላ ቤት ትሄዳለች ይባላል። እኔ ምልክት የሚባል ነገር መኖሩን አውቃለሁ፤ የእኛ ምን እንደሆነ ግን አላውቅም፤ ለማወቅም አልሞከርኩም። በትንሹ በር ደግሞ ሴት ጭነው አይገቡም ነበር። ከግሬናዳ ስንመለስ በሂልስቦሮ ትልቁ ወደብ አውርደውን በእግራችን ነው ወደ መንደር የምንመጣው።

በ1959 ኦገስት ላይ ጥርሴ መግል ይዞ አባቴ በአዲሷ ትንሽ ጀልባው ግሬናዳ ወሰደኝ። ጥርሱ ተነቅሎ ስንመለስ ትኩሳት ያዘኝ። ያን መንገድ በእግሬ እንደማልችለው አይቶ በትንሹ በር ሊያስገባኝ ወሰነ።

«ታች ግቢና ተኚ» አለኝ። «እስክጠራሽ እንዳትወጪ።»

ገባሁ። የዓሣውና የሬንጁ ሽታ ሲበዛብኝ ግን ወጣሁ። ወደ ማታ ነበር፤ ፀሐይ ከኮረብታው ጀርባ ገብታለች። መንደሬን ከባሕር ሳየው የመጀመሪያዬ ነው። ሃያ ስድስት ዓመት የኖርኩበት ቦታ መሆኑን ለማመን ተቸገርኩ። ቤታችን የለም፣ ዛፍ ውጦታል። ጉድጓዱ፣ ትምህርት ቤቱ፣ የታንቲ ኦዴት የኖራ ምድጃ፣ የምንጣላባቸው አጥሮች፣ አንዱም አይታይም። ኮረብታው እንዳለ ጥቁር ነው። የሚታየው የጸሎት ቤቱ ቀይ ጣሪያና ከላይ ሁለት ነጭ ነጥቦች ብቻ ናቸው። ወንዶቹ የሚያውቁት ትዋ ሮሽ ይኼ ነው እንዴ ብዬ ገረመኝ። እኛ ሴቶች አንዱን መንደር እናውቃለን፣ እነሱ ሌላውን፤ አንድ ላይ የምንኖር ይመስለናል።

አባቴ መውጣቴን አላየም። ዓይኑ ከጣሪያው ወደ ኮረብታው፣ ከኮረብታው ወደ ጣሪያው ይመላለሳል። ጀልባዋ ስትዞር ላይኛው ነጭ ነጥብ ቀስ እያለ ተንሸራቶ መጣና የጣሪያው ቀኝ ጫፍ ላይ እንደ ወፍ ቁጭ አለ። ያኔ አባቴ መሪውን አጸና።

የእናቴ መቃብር ነበር።

«አባባ፣ ያ የእማማ ነው።»

«ታች ግቢ አላልኩሽም?»

«ሰማያዊ ቢሆን ይታይ ነበር?»

አለቱ በሁለቱም በኩል በእጅ የሚነካ ያህል ቀርቦ አረፋ እየደፈቀ አለፈን። ውኃው ሲረጋ መሪውን ላላ አደረገው።

«አይታይም» አለ በመጨረሻ። «በዚህ ሰዓት ከነጭ በቀር የሚታይ የለም። ሲልቫን ታችኛውን ነጭ፣ የፍሎረስቲንን መቃብር ነው ምልክት አድርጎ የያዘው፤ እሱን ከጣሪያው ጫፍ ጋር ለማጋጠም ወደ ቀኝ መሄድ ነበረበት።»

ገመዱ ላይ ቁጭ አልኩ። መጀመሪያ ምልክታቸው ኮረብታው ላይ የነበረው ትልቁ ዛፍ ነበር። ጃኔት ነቅሎ ጣለው። ከዚያ በኋላ አባቴ ሌላ ሲፈልግ ያገኘው ሚስቱን ነው። ኖራውን የሚቀባት ለዚህ ነበር። ይህን ሁሉ ነገረኝ፤ ዓይኑን ከሸራው ላይ ሳያነሳ።

«ከቀብሩ ዕለት ጀምሮ ታውቃለህ።»

«አዎ።»

«ኤግበርትስ?»

«ኤግበርት ምን ሆነ? ይበላል፣ ይጠጣል።»

«ጀልባ ላይ የሚያወጣው ሰው የለም። ወደ ቀኝ ይሉታል።»

«ስሚ ኡርሲ። እኔ ልጄን ቀብሬ ነው የወረድኩት። ሁለተኛዋን መንደሩ እንዲበላት አልሰጥም። ደግሞስ ምን ብዬ ልናገር? ምልክቱን ሳልናገር አንቺን መናገር አይቻልም። ምልክቱ የእኔ አይደለም፤ የሲልቫን ልጅ ድርሻ ነው። አባት የለው፣ ጀልባ የለው፣ ይኼ በር ብቻ ነው የቀረው።»

«እንግዲያው ኤግበርት እንዲሁ ይቅር?»

«ከገመዱ ላይ ተነሽ፤ ልጠቀልለው ነው» አለኝ።

አባቴን ብቻ መውቀስ አልችልም። እኔም ሰባት ወር ዝም አልኩ። ማታ ማታ ከአፌ ሊወጣ ያለው ነገር ሁሉ ጠዋት ጠዋት ይቀዘቅዝ ነበር። የሚርትልን ልጅ እያቀፍኩ አሳድጋለሁ፤ አባቱን ማን እንደወሰደበት አውቃለሁ፤ ከዚህ ጋር መብላትም መሳቅም መቻሌ እስከ ዛሬ ይደንቀኛል። ሰው ይችላል። አንድ ቀን ከሰል ይዞ ሲያልፍ ኤግበርትን ጠርቼ ትኩስ ዳቦና የተጠበሰ ዓሣ ሰጠሁት።

«ለምንድን ነው?» አለኝ።

«እንዲሁ።»

«እንዲሁ የሚሰጥ ሰው ትዋ ሮሽ ውስጥ የለም፣ ሚስ ኡርሱላ። ጉድጓድ አለ?»

«የለም።»

«አጥር?»

«የለም አልኩህ። ብላ ዝም ብለህ።»

ዓሣውን አገላብጦ አየው። «መሪ ከያዝኩ ሁለት ዓመት ሊሞላኝ ነው» አለ፤ ሳልጠይቀው። «እጄ እየረሳ እንዳይሆን ማታ ማታ የበሩን መቀርቀሪያ ይዤ እቆማለሁ። ሰው እንዳትነግሪ፤ እብድ ነው ይሉኛል።» ስቆ ሄደ። ያን ቀን ምግብ አልበላሁም።

በማርች 1960 የሲልቫን የመቃብር ድንጋይ ከትሪኒዳድ መጣ። እኛ ዘንድ ሰው ሲሞት ወዲያው ድንጋይ አይቆምለትም። ቤተሰቡ ዓመትም ሁለት ዓመትም ተሰናድቶ የድንጋይ ድግስ ይደግሳል፤ ሟቹ በደንብ የሚያርፈው ያኔ ነው። ድንጋዩን ሚርትል አልጋዋ ላይ፣ በነጭ አንሶላ ሸፍና አሳደረችው። በግ ታረደ፣ የበቆሎ ገንፎና የእርግብ አተር ተሠራ። ለሙታኑ የሚቀመጠው ሳህን ጠረጴዛው ላይ ለብቻው ተቀመጠ። በማግስቱ ጠዋት አራት ሰዎች ድንጋዩን ተሸክመው ኮረብታው ላይ አወጡት።

ድንጋዩ ከመቆሙ በፊት የሥጋ ዘመድ ሁሉ ተራ በተራ ውኃና ሮም የሚባለውን የሸንኮራ አገዳ አረቄ ያፈስበታል። እያፈሰሰም ሟቹን በስሙ ጠርቶ ያናግረዋል። ያን ጊዜ የሚናገርን ሰው ማንም አያቋርጥም፤ ንግግሩ ከሟቹ ጋር ነውና። አንዳንዱ ስለ ዝናቡ ያወራል፣ አንዳንዱ ማን እንዳገባ ይነግራል።

ኤግበርት ወጥቶ ከፍሎረስቲን መቃብር አጠገብ፣ ከሰው ራቅ ብሎ ቆሟል።

«ድንጋዩን እንኳ በሰላም እንዳናቆምለት?» አለች ሚርትል።

«ከድንጋይ ድግስ ሰው አይባረርም» አለቻት ታንቲ ኦዴት። «ሲልቫን ይታዘብሻል። ይልቅ ጠርሙሱን አቀብይኝ።»

ታንቲ አፈሰሰች፤ አንዲት ፍየሏ መንታ እንደወለደች ነገረችው። ሚርትል አፈሰሰች፤ ምን እንዳለችው አልሰማሁም፣ በሹክሹክታ ነበር። ከዚያ ጠርሙሱ እኔ ጋ ደረሰ። አባቴ ከፊት ለፊቴ ቆሟል። ዓይኔን አየና ራሱን በቀስታ ነቀነቀ፤ አታድርጊው ማለቱ ነው። ሮሙን አፈሰስኩ።

«ሲልቫን» አልኩት፣ «ኡርሲ ነኝ። የእማማን መቃብር የቀባሁት እኔ ነኝ። አባባ ተይው ብሎኝ ነበር፤ አልሰማሁትም። ከጣሪያው ጫፍ ላይ ነጩን ስትፈልግ ሰማያዊ አድርጌው ነበር። አንተ የፍሎረስቲንን ያዝክ። ምልክቱ እሷ እንደሆነች አላውቅም ነበር። ኤግበርት አልጠጣም፣ አልተሳሳተምም። ያልከውን ነው ያደረገው። ይህን ካወቅኩ ሰባት ወር ሆኖኛል፤ ዝም በማለቴ ይቅር በለኝ።»

ሰው ሁሉ መጀመሪያ ወደ እናቴ መቃብር አየ፤ ከዚያ ወደ ጸሎት ቤቱ ጣሪያ፤ ከዚያ ወደ ባሕሩ። ካፒቴኖቹ አንገታቸውን ሲያዞሩ አየሁ። ሦስት ትውልድ የተደበቀው ነገር በዚያች አፍታ አለቀ። ከሁሉ በዕድሜ የሚበልጠው ካፒቴን ላዛር ጉሮሮውን ጠረገ።

«መጀመሪያ ዛፉ፣ ቀጥሎ ሚስትህ» አለው አባቴን። «ቴዎፊል፣ ዓሣህ ከእኛ ቀድሞ ገበያ የሚደርሰው ለዚህ ኖሯል? እኛ ባሕር ለባሕር ስንፈልገው ኖርን።»

አንዱ ሊስቅ ጀመረና ዋጠው።

አባቴ ከእጄ ጠርሙሱን ወሰደ። ይመታኛል ብዬ አስቤ ነበር። ድንጋዩ ላይ ትንሽ አፈሰሰ።

«እህትህ የምትለው እውነት ነው፣ ሲልቫን» አለ። «እኔ ከእሷ በፊት አውቅ ነበር።» ይህን ብሎ ጠርሙሱን ለሚርትል መለሰላት።

ኤግበርት ከቆመበት መጣ። ሰው ገለል አለለት። «ዘመድ አይደለሁም» አለ፤ «ግን ይፈቀድልኝ።» ሚርትል ጠርሙሱን አልሰጠችውም። መሬት ላይ አስቀምጣው ልጇን በእጁ ይዛ ቁልቁል ወረደች። ኤግበርት ጎንበስ ብሎ አነሳው። ጠርሙሱን ድንገት አዘንብሎት ከድንጋዩ ይልቅ ጫማው ላይ ነው የፈሰሰው። ካፈሰሰ በኋላ እጁን ሱሪው ላይ ጠርጎ ድንጋዩን ከሚያቆሙት ሰዎች ጋር አንዱን ጫፍ ያዘ።

ምግቡ ብዙ ተረፈ። ታንቲ ኦዴት ስትሰበስብ «ዛሬስ ሰው የጠገበው ከወሬው ነው» አለች፤ ወዲያው ደግሞ ተቀምጣ አለቀሰች።

ሚርትል አራት ዓመት አላናገረችኝም። አባቴ ያናግረኝ ነበር፤ ስለ በሩ ግን አንስቶ አያውቅም። ከዚያ ቀን በኋላ በትንሹ በር አልገባም፤ በ1966 ባሕሩን እስኪተው ድረስ በትልቁ በር ዞሮ ነው የሚመጣው። ሌሎቹ ጀልባዎች በትንሹ በር መግባት የጀመሩት በዚያው ወር ነው። ኤግበርት ባፕቲስት በጁን 1960 በካፒቴን ላዛር ጀልባ ላይ መሪ ያዥ ሆኖ ወደ ትሪኒዳድ ሄደ።